ክኒኑ ከዱዓ በፊት

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 9 ቀን 1975

ይህን ደብተር የገዛልኝ ገብሬ ነው። "የቀኑን ወሬ ሁሉ እኔ ላይ ከምታወርጂው ለእሱ ንገሪው" ብሎ። ባሌ ልብስ ሰፊ ነው፤ ቀኑን ሙሉ የስፌት መኪናውን ጩኸት ሲሰማ ስለሚውል ቤት ሲገባ ዝምታ ይወዳል። እሺ... ደብተሩ ጆሮ ካለው ይስማኝ።

ዛሬ እንደ ወትሮው ነው። ጧት ክሊኒክ። ቁስል ማጠብ፣ መርፌ መቀቀል፣ "ወረፋችሁን ጠብቁ" እያሉ መጮህ። ስምንት ሰዓት ሲሆን የክኒኑን ሣጥን በነጠላዬ ሸፍኜ ወደ አብዱልቃዲር ቤት። ሃያ አንድ ሰው በመዝገብ፣ ሃያ አንድ ሰው መደቡ ላይ። አንድም አልቀረ።

አዲስ ደብተር ነውና ነገሩን ከሥሩ ልጻፈው። የሳንባ ነቀርሳ ክኒን ዓመት ሙሉ፣ በየቀኑ ነው የሚዋጠው። ክሊኒክ እየመጣችሁ ውሰዱ ሲባሉ አሥር ቀን ይመጣሉ፣ ሳሉ ቀለል ሲላቸው ይጠፋሉ። በዚያ ላይ ክሊኒኩ መኪና ማቆሚያው ፊት ለፊት ነው፤ በሩ ላይ የቆመን ሰው ከገለምሶም ከቦኬም የመጣ ሁሉ ያየዋል። "ሳንባው ነው" ከተባለ አለቀ፣ ቤቱን ሰው አይረግጠውም። በርጫ ግን... ከሰዓት በኋላ ተሰብስቦ ጫት ከመቃም የሚቀር ወንድ አሰበ ተፈሪ ውስጥ ስንት አለ? ወዴት ትሄዳለህ ብሎ የሚጠይቀውም የለም። ባለፈው ዓመት ለክሊኒካችን ሐኪም ለዶክተር ሞገስ በቀልድ "እነሱ ወደ ክኒኑ ካልመጡ ክኒኑ በርጫ ይሂድላቸዋ!" አልኩት። ይስቃል ስል "ከመቼ እንጀምር?" አለኝ። አብዱልቃዲር ራሱ በዶክተር እጅ ከዚሁ በሽታ የዳነ ሽማግሌ ነው፤ በሁለት በኩል መስኮት ያለውን ክፍሉን ለቀቀላቸው። እዚያ የሚገባው መርፌውን ሁለት ወር ክሊኒክ ጨርሶ፣ ሳሉ ሌላ ሰው እንደማይጎዳ ዶክተር ያረጋገጠለት ብቻ ነው።

እኔም ጫት በዞረበት የማልዞር ሴት፣ ይኸው በርጫ ስመላለስ ዘጠነኛ ወሬን ያዝኩ። ገብሬ በር ሲከፍትልኝ "ዛሬስ መረቀንሽ?" ይለኛል።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 20

በክሪ ሕክምናውን ከጀመረ ዛሬ ስድስት ወር ደፈነ። ጫት መኪና ላይ የሚጭን፣ በር ሲገባ አንገቱን የሚሰብር ረጅም ሰውዬ ነው። ያኔ መርፌውን ሲወጋ ለጎረቤቶቹ "ወገቤን ነው" ይላቸው ነበር። ስልሳ መርፌ ለወገብ! አመኑት እኮ። አሁን ስድስት ወር ቀረው። ጉንጩ ሞልቷል።

አንድ ችግር ነበረብኝ። ወንዶቹ ከእጄ ክኒን ሲቀበሉ ያፍራሉ፤ አንዱ ጣቱን ይሰበስባል፣ አንዱ የሽርጡን ጫፍ ይዘረጋልኛል። ሃያ አንድ ሰው ጋ እንዲህ ስል ሰዓቱ ይሄዳል። አብዱልቃዲር ዛሬ መላ አመጣ።

"እትዬ ጥሩነሽ፣ ለምን ትሪው ላይ አታደርጊውም? ጫቱ ካለበት ጎን። ሁሉም የራሱን ያነሳል።"

አደረግኩት። በአንድ አፍታ አለቀ! ለምን ቀደም ብዬ አላሰብኩትም?

ሐሙስ፣ ኅዳር 2

ደህና ዋልን። አንድ እንግዳ ነበር፣ በድሪ የሚባል ጫት ነጋዴ፣ ከድሬዳዋ። በርጫ የመጣ እንግዳ አይመለስም አሉና ከበክሪ ጎን አስቀመጡት። ክኒኑን ትሪው ላይ ቆጥሬ አስቀምጬ፣ የአብዱልቃዲር ሚስት የቡና ቅጠል ሆጃ ስታፈላ ላግዛት ወደ ጓዳ ገባሁ። ስመለስ ትሪው ባዶ። ሃያ አንድ ክኒን ተውጧል።

እሰየው ብዬ ወጣሁ።

እሑድ፣ ኅዳር 5

እሰየው ያልኩት እንኳን አልቀረልኝ።

ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ በክሪ መንገድ ላይ ጠበቀኝ። ፊቱ ልክ አይደለም።

"እትዬ... ያ እንግዳው ታመመ አሉ። ሚኤሶ እስኪደርስ ሲያስመልሰው ነበር። ገላው ሁሉ ሽፍ ብሏል።"

"ምን በልቶ?"

የሽርጡን ጫፍ መጠምዘዝ ያዘ።

"በክሪ፣ ምን በልቶ?"

"ክኒን። እኔ ነኝ የሰጠሁት... አንዱን።"

አንዱን? ሌላውንስ? ቀስ እያለ ወጣ። ትሪ ላይ ያረፈ ነገር የሁሉም ነው። ጎንህ እንግዳ ተቀምጦ ጀባ፣ እንካ ሳትለው ወደ አፍህ ማድረግ ነውር ነው። በክሪ የራሱን ክኒን አንስቶ ለእንግዳው ሰጠ። ከወዲያ ጎን ያለው እኔስ ከበክሪ ልነስ ወይ ብሎ የራሱን ጨመረ። ከፊት ለፊት ያሉትም። ሰውየውም ያገሩ ሰው ነው፣ የተሰጠውን አይመልስም። "ቫይታሚን መሰለኝ" ብሏል አሉ። አምስት ክኒን ዋጠ።

"ለምን አልነገርከኝም?"

"ወላሂ፣ እንግዳ አበላሁ ብዬ ነው እኔ። ጥፋት መሆኑን ምን አውቄ?"

ልቆጣው ፈለግኩ፣ አቃተኝ። ትሪው ላይ ያስቀመጠው ማን ሆነና? ዘጠኝ ወር በርጫ ስገባ ስወጣ የትሪን ሕግ አላውቅም?

ሰኞ፣ ኅዳር 6

ለዶክተር ነገርኩት። ወዲያው ድሬዳዋ ስልክ ደወለ። በድሪ ሆስፒታል ተኝቷል፣ ግን ይድናል ብለውታል። እግዚአብሔር ይመስገን። የዛሬ ምሳ አልበላሁም።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 14

ደብዳቤው መጣ። ለክሊኒካችን ፈቃድ ከሰጠው ቢሮ። በድሪ ድኖ ወጥቶ አመልክቷል፤ አልፈርድበትም።

"...ከዛሬ ጀምሮ ማናቸውም መድኃኒት ከክሊኒኩ ግቢ ውጭ እንዳይሰጥ፣ በተለይም ጫት በሚቃምበት ቦታ ሕክምና መስጠት ፈጽሞ የተከለከለ መሆኑን፣ ይህ ተጥሶ ቢገኝ ፈቃዱ እንደሚሰረዝ..."

ዶክተር ሁለት ጊዜ አነበበው። አጥፎ ኪሱ ከተተው።

"ግማሹ እውነታቸውን ነው" አለ።

"ግማሹስ?"

"ግማሹ ሃያ አንድ ሰው ነው።"

ክኒኑን ትሪው ላይ ያስቀመጥኩት እኔ ነኝ፣ ይሂዱና ይንገሯቸው፣ እኔን ይቅጡኝ አልኩት። "ሲስተር፣ የክሊኒኩ ኃላፊ እኔ ነኝ" አለና ወደ በሽተኛው ዞረ። ሲስተር አይደለሁም፣ ጤና ረዳት ነኝ። ሺህ ጊዜ ነግሬዋለሁ።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 18

የአብዱልቃዲር ቤት ሄጄ "ከእንግዲህ ክሊኒክ ኑ" አልኳቸው። ሁሉም እሺ አሉ። እሺታቸው ደስ አላለኝም፤ ቶሎ ነው ያሉት።

ሐሙስ፣ ኅዳር 23

ክሊኒክ የመጡት ሰባት።

ሰኞ፣ ኅዳር 27

አምስት። በክሪ አንድም ቀን አልመጣ።

ለዶክተር መላ አቀረብኩ። የገብሬ ልብስ ስፌት ከክሊኒኩ አጥር ጋር ይዋሰናል፤ ሰዎቹ ልብስ ሊለኩ የመጡ መስለው እዚያ ይዋጡ አልኩት። ሳቀ። "ሃያ አንድ ወንድ በየቀኑ ሱሪ ሲለካ ማን ያምናል?" ከዚያ ሳቁን ተወ። "ክልከላውን እየጣስን ክልከላውን መሟገት አንችልም። ፍርድ ቤት ልወስደው ነው።"

መንግሥትን? ፍርድ ቤት? በዚህ ዘመን?

ለገብሬ ስነግረው መቀሱን አስቀመጠ። "ሰውየው ወይ ጅል ነው ወይ ጀግና" አለ። "የትኛው እንደሆነ የሚታወቀው ሲያልቅ ነው።"

ረቡዕ፣ ታኅሣሥ 6

አቤቱታውን ዶክተር ራሱ ጻፈው። እንድተይበው ሰጠኝ፤ በሁለት ጣት ስለቅም ዋልኩ። ክልከላው እንዲነሳ ነው የሚጠይቀው። ክሊኒክ እየመጡ ከወሰዱት ከአሥር አራቱ ብቻ እንደጨረሱ፣ በርጫ ከጀመሩት ግን እስከ ክልከላው ቀን አንድም እንዳላቋረጠ በቁጥር አስቀምጧል። ስለ በድሪ ያለው ጋ ስደርስ እጄ ቆመ። "...በእኔ በሐኪሙ ጉድለት የተፈጠረ ስህተት ነው..."

ስሜ የለም። ትሪውም የለም።

እንዳለ ተየብኩት። ምን ማለቴ ነው?... ፈራሁ ማለት ነው። ሥራዬን ፈራሁ።

ሰኞ፣ ታኅሣሥ 18

የመጀመሪያ ችሎት። ዳኛው ሸበቶ ናቸው፣ መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቅለው ይፈልጉታል። የቢሮው ነገረ ፈጅ ወጣት ነው፣ ሥርዓት ያለው ልጅ።

"ለመሆኑ ጫት ቤት የሕክምና ቦታ ነው?" አለ።

"አይደለም" አለ ዶክተር። "ግን በሽተኛው ያለው እዚያ ነው።"

"እንግዲህ ጠላ ቤትም ይቀጥሉ!"

"ነቀርሳ ያለበት ሰው በየቀኑ፣ በሰዓቱ፣ ዓመት ሙሉ የሚገኝበት ጠላ ቤት ካለ ያሳዩኝ።"

ችሎቱ ሳቀ። ዳኛው አልሳቁም። ክልከላው ለጊዜው እንኳ ይነሳልን ብለን ነበር፤ "እንግዳ የተጎዳበት ጉዳይ ነው፣ ሳንመረምር አናነሳም" አሉ። ቀጠሮ ለጥር 24። ከአንድ ወር በላይ! ክኒን እኮ ቀጠሮ አይጠብቅም።

ሐሙስ፣ ታኅሣሥ 28

የበክሪ ቤት ሄድኩ። ሳጥኑን ሳልይዝ፣ ባዶ እጄን፤ ቃል ቃል ነው። እሱ ለመጫን ሂርና ሄዷል። ሚስቱ ዙህራ ለውዝ እየፈለፈለች አገኘኋት።

"አካም ነገያ" ብዬ በኦሮምኛ ሰላም ስላት ሳቀች፣ አነጋገሬ ያስቃታል።

"ሳሉ ተመለሰበት እትዬ። ትናንት አንሶላው ላይ... ቀይ አየሁ።"

ክሊኒክ ምን አለበት ቢመጣ አልኳት።

"ልጃችንን ጣሂራን ለጋብቻ የሚጠይቅ ቤት ተገኝቷል። የመቻራ ሰዎች ናቸው፣ ቡና አላቸው። አባቷ ሳንባ ነው ከተባለ ይተዋታል ይላል። ልጄን ድሬ ልሙት ይላል።"

"አንቺስ ምን ትያለሽ?"

"እኔ ምን እላለሁ? እየጸለይኩ ነው።" ለውዝ ሰጠችኝ፣ በሁለት እጇ አፍሳ። አልበላም ማለት አይቻልም።

መንገድ ላይ አለቀስኩ። ሰው ያየኛል ብዬ ለውዙን እያኘክሁ።

ጥር 11

ጥምቀት። ገብሬ አዲስ ቀሚስ ሰፋልኝ፣ ሳልጠይቀው። ታቦቱን ሸኝተን ስንመለስ ስለ ትሪው ነገርኩት። ሁሉንም። "እና?" አለኝ። እና ፍርድ ቤት ልናገር አልኩት። "ቀሚሱን ለብሰሽ ሂጂ" አለኝ። ይሄ ሰውዬ!

ማክሰኞ፣ ጥር 24

ምኑን ከምኑ ልጻፍ?

ምስክር ሆኜ ቀረብኩ። ወንጌል ጨብጬ ማልኩ። ዶክተር የጠየቀኝ ስንት ሰው ስንት ቀን እንደዋጠ ብቻ ነው፣ መዝገቡን ገልጬ መለስኩ። ነገረ ፈጁ ተነሳ። ገና አፉን ሳይከፍት "ጌታዬ፣ ያልተባለ ነገር አለ" አልኩ። ለዳኛው። ድምፄ ከየት እንደወጣ አላውቅም።

ትሪውን ነገርኳቸው። ከጫቱ ጎን ክኒን ያስቀመጥኩት እኔ መሆኔን፣ ጓዳ ገብቼ የነበርኩት እኔ መሆኔን። ዶክተር ይህን ያላዘዘ መሆኑን።

ዶክተር ዓይኑን ጨፈነ።

"አንቺ ራስሽ ትቅሚያለሽ?" አሉ ዳኛው።

"የለም ጌታዬ። ሽታውንም አልወድም።"

"ታዲያ ምን አስቀመጠሽ?"

"ሰዎቹን እወዳቸዋለኋ!"

ሰው ሳቀ። እኔ ግን መልሼ ሳስበው እውነት ነው። እስከዚያች ደቂቃ ራሴም አላወቅኩትም ነበር።

ከዚያ በክሪ። ማንም አልጠራውም፤ ከኋላ ወንበር ተነሳ። ያን ቁመት ይዞ። ነገረ ፈጁ ተቃወመ፣ ዳኛው ግን "ይናገር" አሉ። በቁርዓን ማለ።

"እኔ በክሪ ነኝ። ጫት ጫኝ። ጌታው፣ እኔ ሳንባ ነኝ።" የሰፈሩ ሰው ግማሹ እዚያ ነበር። "ይኸው፣ ሁሉ ሰማ። ወገቤ አይደለም። በርጫ ስውጥ ድኜ ነበር። ሲከለከል ክሊኒክ መሄድ አፈርኩ፣ ሁለት ወር ቀረሁ፣ ደም ተፋሁ። ጥፋቱ የኔ። ግን እንደኔ የሚያፍር አሥራ ምናምን ሰው አለ። እነሱ አይናገሩም። እኔ ተናገርኩ።" ሊቀመጥ ሲል ተመለሰ። "ልጅ አለችኝ። ሊያገቧት የፈለጉ ሰዎች፣ የሞተ አማች ይሻላል ወይስ የሚያስል አማች... ያስቡበት።"

ዳኛው መነጽራቸውን ፈልገው አደረጉ። "እሺ፣ ነገር ግን እንግዳ በመጣ ቁጥር መድኃኒቱ የሚከፋፈል ከሆነ እንዴት ነው የምፈቅደው? እንግዳን አስወጡ ብል ትሰሙኛላችሁ?"

"አንሰማም" አለ አብዱልቃዲር። ከመቀመጫው። ሰዎች ያዙት፣ "ተው ጋሽ አብዱልቃዲር" አሉት። እሱ ግን በትሩን ተደግፎ ቆመ። "እንግዳ አይወጣም ጌታዬ። መፍትሔው ሌላ ነው። የጫቱ እስር፣ ዙርባው፣ የሚፈታው ከዱዓ በኋላ ነው። ከዱዓ በፊት በርጫ የለም። በርጫ ከሌለ የጋራ ነገር የለም፣ ሁሉም የያዘው የራሱ ነው። ክኒኑ ከዱዓ በፊት ይዋጥ። ውሃ ይጠጡ፣ አፋቸውን ከፍተው ለእትዬ ያሳዩ። ከዚያ እጃችንን እናነሳለን። እንግዳው ጀባ የሚባል ክኒን አያገኝም።"

ዳኛው ብዕራቸውን አነሱና "እስቲ እንደገና ይበሉኝ፣ ቀስ ብለው" አሉት።

ስንወጣ ዶክተር አጠገቤ መጣ። ይቆጣኛል ብዬ ነበር። "ጤና ረዳት ጥሩነሽ" አለኝ።

ረቡዕ፣ ጥር 25

በክሪ ክሊኒክ መጣ። በፊት ለፊት በር፣ በቀትር። መኪና ማቆሚያው ጢም ብሎ ሳለ። "አሁንማ ምን ቀረኝ?" ብሎ ክኒኑን ዋጠና የገለምሶውን ሾፌር ጮክ ብሎ ሰላም አለው። ዶክተር አክታውን አየ፣ መርፌውን እንደገና ጀመረለት።

ሐሙስ፣ የካቲት 10

ውሳኔ።

ቢሮው መድኃኒት ያለ ጥንቃቄ እንዳይሰጥ የማዘዝ ሥልጣን አለው። ሆኖም በሽተኛው ሕክምናውን እንዳይጨርስ እስከሚያደርግ ድረስ የሄደው ክልከላ ከዓላማው ውጭ ነው። ስለዚህ... (እዚህ ላይ የዶክተርን እጅ ያዝኩ፣ እሱም ሳያውቀው ያዘኝ) "...ክኒኑ ዱዓ ከመደረጉና ጫት ከመቅረቡ በፊት፣ በጤና ረዳት ፊት፣ በውሃ የሚዋጥ ከሆነ በበርጫ ቦታ መስጠቱ እንዲፈቀድ ተወስኗል።"

ዱዓ የሚል ቃል በፍርድ ቤት ማኅተም ሥር! ነገረ ፈጁ መጥቶ ዶክተርን ጨበጠው። "ይግባኝ አንልም" አለ። "አጎቴም ያስላል።"

ገብሬን "ጅል ነው ጀግና?" አልኩት። "እንግዲህ ሲያልቅ ጀግና ሆነ" አለኝ።

ቅዳሜ፣ የካቲት 12

ተመለስን። አሥራ ስምንት ሰው። ሁለቱ ወደ ቦኬ ሄደዋል፣ ሰው ልከንባቸዋል። በክሪ መርፌውን ክሊኒክ እየጨረሰ ነው፣ ሁለት ወር ይጠብቃል።

ዙርባዎቹ ጥግ ላይ እንደታሰሩ ናቸው። እኔ ከአንዱ ወደ አንዱ። ክኒን፣ ውሃ፣ "አፍ!" ሽማግሌዎች እንደ ሕፃን አፋቸውን ይከፍቱልኛል። ማፈሩን የት ጣሉት? ፍርድ ቤት አዞናል ይላሉ፣ በኩራት። የመጨረሻው ሲውጥ አብዱልቃዲር እጁን አነሳ። እኔም ቆሜ ጠበቅኩ፣ በልቤ አባታችን ሆይ አልኩ። ከፋ?

ማክሰኞ፣ መጋቢት 20

ጾም ነው። የአብዱልቃዲር ሚስት ሆጃውን ያለ ወተት ለብቻዬ ማፍላት ጀምራለች። ሳልነግራት። ከየት ሰማሽ ስላት "ሁዳዴ መግባቱን አሰበ ተፈሪ የማያውቅ አለ?" አለችኝ።

የመቻራዎቹ ሽማግሌ ላኩ። ለጣሂራ! የልጁ አባት "እውነት የሚናገር አማች በቡና አይገኝም" አለ አሉ። በክሪ ይህን ሲነግረኝ ሦስቴ ደገመው።

ሚያዝያ 4

በክሪ በርጫ ተመለሰ። መደቡ ጠበበ፣ ሁሉም ተጠጋጋለት። የቦኬዎቹም ሁለቱ መጥተዋል። ሃያ አንድ።

ረቡዕ፣ ግንቦት 24

የሃያ አንዱንም አክታ ዶክተር ከማለዳ ጀምሮ በማይክሮስኮፕ ሲያይ ዋለ። አንድ በአንድ "ንጹሕ" ይላል፣ እኔ እጽፋለሁ። የበክሪ ስላይድ ላይ ረጅም ቆየ።

"ንጹሕ።"

እንደገና አየ። "ንጹሕ ነው፣ ጥሩነሽ።" የቀሩትን ወራት ይጨርስ እንጂ አመለጠ። ዘጠኙ ደግሞ ዛሬ ጨርሰው ወጡ። ዘጠኝ ሰው! እየሮጥኩ ሄጄ ነገርኳቸው። አብዱልቃዲር አልሐምዱሊላህ ብሎ አለቀሰ። እኔም። በክሪ ብቻ ነው የሳቀው፣ ጣሪያውን እያየ።

ዓርብ፣ ግንቦት 26

ደስታዬን ሳልጨርስ...

ዙህራ ክሊኒክ መጣች። ምስጋና ነው ብዬ ለውዙን ለመቀበል ሁለት እጄን ዘረጋሁ። ባዶ እጇን ናት። በሩን ዘጋች፣ ሻሿን አፏ ላይ እንደያዘች አሳላት። ረጅም ሳል። አውቀዋለሁ ያንን ሳል።

"ከመቼ ጀምሮ?"

"ከዓረፋ በፊት ጀምሮ።"

ዘጠኝ ወር! "ዙህራ! ቤትሽ ስመላለስ... ለምን አልነገርሽኝም?"

"እሱ እስኪድን ጠበቅኩ። ሁለታችንም ከተኛን ቤቱን ማን ይይዛል? ደግሞስ" አለች፣ ሳትቆጣ፣ "እትዬ፣ መች ጠየቅሽኝ?"

አልጠየቅኳትም። እውነቷን ነው። የእያንዳንዱ በሽተኛ ካርድ ላይ "የቤተሰብ ሁኔታ" የሚል መስመር አለ። ሃያ አንዱንም አወጣሁ። ሁሉም ላይ በእኔ እጅ፦ "ደህና"። ማንን ጠይቄ ነው የጻፍኩት? ባሎቹን። ባል ደግሞ ሁልጊዜ ደህና ነች ይላል።

ፍርድ ቤት ቆሜ መዝገብ ስገልጥ፣ ሃያ አንድ ሰው እያልኩ ስቆጥር፣ አንድም ሴት እንደሌለበት አላየሁም። ዶክተርም አላየ፣ ዳኛውም። ሴት የሆንኩት ደግሞ እኔ!

የዙህራ አክታ ንጹሕ አይደለም። ዛሬውኑ መርፌ ጀመረች። ስወጋት "ወዲያው ነው የሚሻለው?" አለችኝ። ዓመት ነው፣ ግን ትድኛለሽ አልኳት። በክሪ ውጭ ቆሞ ይጠብቃታል። የዓመቱን ሳይሆን የቀኑን ነው የሚጠይቀኝ፦ "ነገ ስንት ሰዓት ላምጣት?"

ሐሙስ፣ ሰኔ 2

ረመዳን ሊገባ ሦስት ቀን ነው። ዙህራ ከመርፌዋ በኋላ "ነይ" አለችኝ። የት? የሴቶቹ በርጫ። የአብዱልቃዲር ሚስት ጓዳ ጀርባ ያለች ጠባብ ክፍል ናት፤ አንድ መስኮት፣ እሱም ተዘግቷል። ሆጃ ልፈልግ መቶ ጊዜ በሯን አልፌያለሁ። ዙህራ ራሷ አልገባችም፣ ሳሏን ፈርታ ደጅ ቆመች፣ ዶክተር እንደነገራት።

ስምንት ሴቶች። ዱዓቸውን ገና አላደረጉም። መስኮቱን ከፈትኩ። ተቀመጥኩ። ስለ ባሎቻቸው ሊያወሩልኝ ጀመሩ፦ የእኔው በላ፣ የእኔው ወፈረ፣ ገለቶማ እትዬ እያሉ አመሰገኑኝ። "የናንተን ንገሩኝ" አልኩ። ተያዩ። አንዷ ሳቀች፣ ሳቋ ወደ ሳል ዞረ። ከዚያ ሌላዋ። ከዚያ በሩ አጠገብ ያለችው፣ ሕፃን የታቀፈችው።

ሦስት።

ስማቸውን ጻፍኩ። ነገ ጧት ክሊኒክ ይመጣሉ፤ በክሪ "እኔ ፊት ፊት እሄዳለሁ፣ ማን ያፍራል?" ብሏል። የቤተሰብ ሁኔታ የሚለውን መስመር ግን ባዶ ተውኩት። ቤታቸው ሄጄ፣ አንድ በአንድ ጠይቄ ነው የምሞላው።